ባርናክል ላይከንን በጥንታዊ ደን ውስጥ መፈለግና መለየት፦ ዝርዝር መመሪያ

እንግሊዝ አገር ጫካ ውስጥ አፍንጫውን ዛፍ ላይ ለጥፎ የቆመ ሰው ካያችሁ አትደንግጡ። ጤነኛ ነው። ላይከን የሚባለውን፣ ዛፍና ድንጋይ ላይ የሚያድገውን ነገር እየፈለገ ነው። ይህ መመሪያ ከእነዚያ ሰዎች አንዱ መሆን ለምትፈልጉ ነው። በተለይ ለንደንና አካባቢዋ ለምትኖሩና ቅዳሜን ከሱቅ ወደ ሱቅ እየዞራችሁ ማሳለፍ ለሰለቻችሁ።

የምንፈልገው አንድ ዝርያ ነው። ሳይንሳዊ ስሙ ቴሎትሬማ ሌፓዲነም ነው። የእንግሊዝኛ መጽሐፎች ላይ ባርናክል ላይከን በሚል ስም ታገኙታላችሁ። ዛሬ በሚጠራበት ሳይንሳዊ ስም በ1803 (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) የመዘገበው ስዊድናዊው ኤሪክ አካሪየስ ነው። የላይከን ጥናት አባት የሚሉት እሱን ነው። ለዕፅዋትና ለእንስሳት ሳይንሳዊ ስም የሚሰጥበትን ዘዴ የዘረጋው የሊኒየስ ተማሪ ነበር።

ላይከኑ ድሮ አውሮፓ ውስጥ ሰፊ ቦታ ይዞ ነበር። አሮጌ ዛፎች ሲቆረጡና አየሩ ሲበከል ከብዙ ዝቅተኛ አካባቢዎች ጠፋ። አሁን በደህና የሚገኘው እርጥበት በማያጣው የምዕራብ ዳርቻና ለዘመናት ሳይመነጠሩ በቆዩ ደኖች ውስጥ ነው። ከእነዚህ ደኖች አንዱ ደቡብ እንግሊዝ ውስጥ ያለው ኒው ፎረስት ነው። ከዋተርሉ ጣቢያ ባቡር ብትይዙ አንድ ሰዓት ተኩል ገደማ ቆይታችሁ ብሮከንኸርስት ትወርዳላችሁ።

ከመጀመራችን በፊት አንድ ነገር ልበል። ጀማሪ የሚደክመው ላይከኑን ስለሚፈልግ ነው። እናንተ ግን መጀመሪያ ዛፉን ፈልጉ። ትክክለኛው ዛፍ ከተገኘ ሥራው ግማሹ አለቀ።

መጀመሪያ፦ የምትፈልጉትን እወቁ

ላይከን ተክል አይደለም። ሥር የለውም፣ ቅጠልም የለውም። ፈንገስና አልጌ አንድ ላይ የሚኖሩበት አካል ነው። ፈንገሱ ቤቱን ይሠራል። አልጌው ከፀሐይ ብርሃን ምግብ ያዘጋጃል። ስዊዘርላንዳዊው ሲሞን ሽቬንደነር ይህን በ1860ዎቹ መጨረሻ ላይ ሲናገር ብዙዎቹ የዘመኑ የላይከን ሊቃውንት አልተቀበሉትም ነበር። እውነቱ ግን እሱ ጋ ነበር።

አንዳንዱ ላይከን ከቅርንጫፍ ላይ ተንጠልጥሎ ያድጋል። አንዳንዱ ቅጠል ይመስላል፤ ጠርዙን በጣት ማንሳት ይቻላል። የእኛው ከሦስተኛው ወገን ነው፤ ልጥፍ ነው። በጥፍር ብትሞክሩት አይነሳም። ከተነሳም ከነዛፉ ቅርፊት ነው የሚነሳው፤ ምክንያቱም ገላው በከፊል ቅርፊቱ ውስጥ ሰርጎ ይኖራል።

«ታዲያ ዛፉን አይበላውም እንዴ?» የሚል ጥያቄ ሁሌም ይመጣል። አይበላውም። ዛፉ ለላይከኑ መቀመጫው ብቻ ነው። ውሃውንም ማዕድኑንም የሚያገኘው ከዝናብና ከአየር ነው።

ችግሩም ያለው እዚሁ ላይ ነው። ከአየር የመጣውን ሁሉ ይጠጣል፤ አይመርጥም። የእንግሊዝ ከተሞች በድንጋይ ከሰል ጭስ ታፍነው በኖሩባቸው ዘመናት ሰልፈር ዳይኦክሳይድ የብዙ ላይከን ዝርያ ዘር አጥፍቷል። በ1952 ለንደንን ያፈናት ጭስ በሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎችን ከገደለ በኋላ በ1956 የንጹሕ አየር ሕግ ወጣ። በ1970 ደግሞ ዴቪድ ሆክስዎርዝና ፍራንሲስ ሮዝ የተባሉ ሁለት ተመራማሪዎች አንድ ሚዛን አወጡ። ዛፍ ላይ ያሉትን የላይከን ዝርያዎች አይቶ በአየሩ ውስጥ ያለውን የሰልፈር ዳይኦክሳይድ መጠን መገመት የሚያስችል ነው። ለዚህ ነው ለንደን አፍንጫ ሥር ያለው ኤፒንግ ፎረስት፣ ዛፎቹ ያን ያህል አሮጌ ሆነው ሳለ፣ ለዚህ ፍለጋ የማይመከረው። ዛፉ ቢተርፍም ላይከኑ አልተረፈም።

ዕቃ ማዘጋጀት

ብዙ ወጪ የለውም። ዋናው 10 ጊዜ የሚያጎላ አጉሊ መነጽር ነው፤ ወርቅ ሠሪዎች ዐይናቸው ላይ የሚያደርጉት ዓይነት። ክር አስራችሁ አንገታችሁ ላይ አንጠልጥሉት። ካልሆነ ቅጠል መሃል ይወድቅና ቀኑ እሱን ፍለጋ ያልቃል። 20 ጊዜ የሚያጎላው የተሻለ ይመስላል፤ ግን የሚያሳየው ቦታ ጠባብ ነው፣ ጨለማም ነው። ለጀማሪ አልመክረውም።

ሌላው ትንሽ የውሃ መርጫ፣ ትንሽ ማስመሪያ፣ ደብተርና እርሳስ ነው። እስክሪብቶ እርጥብ ወረቀት ላይ ይለግማል፤ እርሳስ አይለግምም። ስልካችሁ ለፎቶም ለካርታም ያገለግላል። በኋላ ለምናየው የቀለም ፈተና ሽታው ያልጠፋ፣ አዲስ የተከፈተ በረኪና በትንሽ ጠብታ ማንጠባጠቢያ ጠርሙስ ያዙ። የቆየ በረኪና ኃይሉ ስለሚያልቅ ያታልላችኋል። ፖታሲየም ሃይድሮክሳይድ የምትይዙ ከሆነ 10 በመቶ ገደማ የሆነ ውህድ በቂ ነው፤ ነገር ግን ቆዳና ዐይን ያቃጥላልና ጓንት አድርጉ፣ ልጆች ካሉም ቤት ተዉት። አልትራቫዮሌት ባትሪ ለዚህ ዝርያ አያስፈልግም። ገንዘባችሁን ለጫማ አውጡት።

መዥገር መንቀያ ግን እንዳትረሱ። ኒው ፎረስት ውስጥ መዥገር አለ፤ ላይም የተባለውን በሽታ ሊያስተላልፍ ይችላል። ሱሪያችሁን ካልሲ ውስጥ ክተቱ። ቤት ስትገቡ ከጉልበት ጀርባ፣ ከብብትና ከወገብ ዙሪያ ፈትሹ። ከነከሳችሁ በኋላ በቀናት ወይም በሳምንታት ውስጥ እየሰፋ የሚሄድ ቀይ ምልክት ቆዳችሁ ላይ ከታየ ሳትዘገዩ ወደ ጂፒያችሁ ሂዱ።

መቼ መሄድ

ላይከን ዓመቱን ሙሉ አለ። ሰው ግን ዓመቱን ሙሉ አያየውም። ከኅዳር እስከ መጋቢት ያለው ጊዜ ይሻላል። ቅጠሉ ረግፏል፣ ብርሃን እስከ ግንዱ ይደርሳል፣ ፈርኑም ወድቋል። መዥገሩም ይቀንሳል። ዝናብ ካባራ ከአንድ ቀን በኋላ ያለው ጊዜ ወርቅ ነው፤ ቅርፊቱ ረጥቧል፣ ግን ውሃ አይንጠባጠብበትም። ውሃ ሲያንጸባርቅ የላይከኑ ፍሬ ዝርዝር ይጠፋል።

ኃይለኛ ነፋስ ባለበት ቀን ግን ይቅርባችሁ። ያረጀ ቢች ዛፍ ሳይታሰብ ትልቅ ቅርንጫፍ ይጥላል።

ደኑን መምረጥ

እንግሊዝ ውስጥ «ጥንታዊ ደን» የሚባለው ቢያንስ ከ1600 ጀምሮ ሳይቋረጥ ደን ሆኖ የቆየ ቦታ ነው። ልብ በሉ፤ ቁም ነገሩ የአንድ ዛፍ ዕድሜ አይደለም። አንድ ዛፍ ከመሞቱ በፊት አጠገቡ ሌላ ዛፍ አድጎ፣ ላይከኑ ከአንዱ ወደ አንዱ እየተሻገረ መኖር አለበት። መሃል ላይ አንድ ጊዜ ደኑ ከተመነጠረ ሰንሰለቱ ይበጠሳል። በኋላ ቢተከልም፣ መቶ ዓመት ቢያድግም፣ ይህ ላይከን ላይመለስ ይችላል።

ኒው ፎረስት ይህ ሰንሰለት በብዙ ቦታ ያልተበጠሰበት ነው። ቀዳማዊ ዊልያም በ1079 ለንጉሥ አደን ከለለው። አጋዘን እንጂ ዛፍ መቁረጥ አልነበረም ፍላጎቱ። በኋላ መንግሥት ለመርከብ የሚሆን እንጨት ሲያምረው ብዙውን አጥሮ መትከል ጀመረ። በ1877 የወጣው ሕግ ግን ይህን ገታ፤ ጥንታዊዎቹንም ደኖች ከለላ ሰጣቸው። እስከ ዛሬ የአካባቢው ሰዎች ፈረሶቻቸውንና ከብቶቻቸውን ደኑ ውስጥ ይለቃሉ። እንስሳቱ ቁጥቋጦውን ስለሚበሉ ግንዱ ብርሃን ያገኛል። ላይከን ወዳዶች ፈረሶቹን የሚወዱት ለዚህ ነው። የዛፍ ላይ ላይከን ብቻ ከ300 በላይ ዝርያ እዚያ ተመዝግቧል።

ካርታ ላይ ስትመለከቱ «ኢንክሎዠር» የሚል ስም ያላቸውን ቦታዎች እለፏቸው፤ በአብዛኛው ታጥረው የተተከሉ ናቸው። ከሊንድኸርስት በስተ ምዕራብ ያለው ማርክ አሽ ውድ፣ በሊንድኸርስትና በብሮከንኸርስት መካከል ያለው ዊትሊ ውድ፣ እንዲሁም ደኒ ውድ ጥሩ መነሻ ናቸው። ዊትሊ ከባቡር ጣቢያው በእግር ይደረሳል። ለማርክ አሽ ብስክሌት ወይም መኪና ያስፈልጋል። እኔን ብትጠይቁኝ ማርክ አሽ ይበልጣል።

ዛፉን መምረጥ

ይህ ነው ዋናው ደረጃ። ደን ውስጥ በሺህ የሚቆጠር ዛፍ አለ። ሁሉን ልይ ካላችሁ በምሳ ሰዓት ተስፋ ትቆርጣላችሁ።

ቆማችሁ ዙሪያችሁን ተመልከቱ። የምትፈልጉት ወፍራም ግንድ ያለው፣ ግን ቅርፊቱ ለስላሳ የሆነ ዛፍ ነው። ኒው ፎረስት ውስጥ ይህ ማለት በመጀመሪያ ቢች፣ ቀጥሎ ሆሊ ነው። ቢች ቢያረጅም ቅርፊቱ እንደ ኦክ አይሰነጣጠቅም። ሆሊ ቀጭን ቢሆንም በጣም ቀስ ብሎ ስለሚያድግ አትናቁት፤ ክንድ የሚያህል ግንድ ያለው ሆሊ ዕድሜ ጠገብ ሊሆን ይችላል። ኦክም ላይ ይገኛል፤ ያኔ ከስንጥቆቹ መሃል ያለውን ለጥ ያለ ቦታ ፈትሹ። ወደ ምዕራብ፣ ወደ ዌልስና ወደ ስኮትላንድ ብትሄዱ ደግሞ ሄዘልና ሮዋን ላይ ትፈልጉታላችሁ።

ቀጥሎ አቀማመጡን እዩ። ሜዳ ላይ ብቻውን ለነፋስ የተጋለጠውን ተዉት። ሌሎች ዛፎች በሩቁ ከበውት፣ ነፋስ የማይመታው፣ ጥላ ያለው ግን ያልጨለመ ቦታ ላይ የቆመውን ምረጡ። ወንዝ ወይም ረግረግ አጠገብ ከሆነ ደግ ነው። አይቪ የሚባለው ሐረግ ሙሉ በሙሉ የሸፈነውን ግንድ እለፉት። አይቪውን ገንጥላችሁ ለማየት አትሞክሩ፤ ከሥሩ ብርሃን ስለሌለ የምታገኙት የለም።

ከዛፉ ጋር ስትደርሱ ሙሉ ዙሪያውን ዙሩ። ከጉልበታችሁ እስከ ራሳችሁ ቁመት ድረስ ያለው ቦታ ይበቃል። ሙስ፣ ግንድ ላይ የሚነጠፈው ለስላሳ አረንጓዴ ተክል፣ ጥቅጥቅ ብሎ የሸፈነውን ጎን ተዉት፤ ሙሱ የሚያልቅበትን ጠርዝ ግን በደንብ እዩት።

ከሩቅ የሚታያችሁ ነጣ ያለ፣ ግራጫማ ወይም ክሬም መልክ ያለው ልጥፍ ነው። ብዙ ልጥፎች ተጎራብተው፣ በመካከላቸው ቀጭን ጥቁር ድንበር አበጅተው ታያላችሁ። እያንዳንዱ ለብቻው አንድ ላይከን ነው። ቦታ እየተሻሙ ነው። አንዱን ምረጡና ቅረቡ።

አጉሊ መነጽሩን መጠቀም

ይሄን ብዙ ሰው ገልብጦ ነው የሚሠራው። መነጽሩን ዛፉ ላይ አድርጎ እሱ ከሩቅ ያያል። መጀመሪያ መነጽሩን ወደ ዐይናችሁ አስጠጉት፤ ሽፋሽፍታችሁን እስኪነካ። ከዚያ ፊታችሁን ከነመነጽሩ ወደ ቅርፊቱ አስጠጉ። ባለ 10ው የሚጠራው ቅርፊቱ ሁለት ሴንቲ ሜትር ተኩል ገደማ ሲቀረው ነው። መነጽር የያዘውን እጃችሁን ጉንጫችሁ ላይ አስደግፉ፤ ሌላውን እጃችሁን ግንዱ ላይ። ያኔ አይንቀጠቀጥም። ጭንቅላታችሁ ብርሃኑን እንዳይጋርድ ከጎን ቁሙ። አፍንጫ ዛፍ ላይ የሚለጠፈው በዚህ ምክንያት ነው።

ፍሬውን ማንበብ

የባርናክል ላይከን ገላ ለብቻው ምንም አይናገርም። ነጣ ያለ ቀጭን ልጥፍ በየዛፉ ሞልቷል። የሚናገረው ፍሬው ነው።

ፍሬዎቹ ገላው ላይ ተበትነው ይታያሉ። እያንዳንዳቸው 1 ሚሊ ሜትር ገደማ ስፋት ያላቸው፣ አናታቸው የተቆረጠ ጉብታዎች ናቸው። አናቱ ላይ ክብ አፍ አለ። አንዱን ምረጡና በአፉ ወደ ውስጥ ተመልከቱ። ቸኩላችሁ አትለፉት፤ መለያው እዚህ ነው ያለው።

መጀመሪያ የምታዩት የውጭውን ግድግዳ ነው። ወፍራም ነው፤ ከገላው ጋር አንድ ቀለም አለው። ከእሱ ወደ ውስጥ ሁለተኛ ግድግዳ አለ። ይህኛው በጣም ስስ ነው፤ ነጣ ብሎ ብርሃን ያሳልፋል። ጠርዙ የተቀደደ ወረቀት መስሎ ተቦጫጭቋል፣ ወደ ውስጥም ጠምዘዝ ይላል። በሁለቱ ግድግዳዎች መካከል ቀጭን ክፍተት ይታያል። ከሁለቱም በታች፣ ከጥልቁ፣ ጠቆር ያለ ቡናማ ወለል አለ። ብዙ ጊዜ ላዩ ላይ ነጭ ዱቄት ይነሰነስበታል። ስፖሮቹ፣ ማለትም ፈንገሱ የሚራባባቸው ደቃቅ ዘሮች፣ የሚወጡት ከዚያ ነው።

ግድግዳ በግድግዳ ውስጥ፣ ከሥር ጥቁር ወለል። ይህን ካያችሁ አገኛችሁት ማለት ነው።

ሁሉም ፍሬ እኩል አያሳይም። ወጣቱ ገና ድፍን እብጠት ነው፤ ወይም በመርፌ የተወጋ የሚያህል ቀዳዳ ብቻ አለው። ያረጀው ደግሞ ውስጠኛው ግድግዳ ተበልቶ ባዶ ጉድጓድ ሆኖ ይገኛል። ስለጎችና ቀንድ አውጣዎች ሌሊት ላይከን ይግጣሉ። ስለዚህ አንድ ፍሬ አይታችሁ አትወስኑ። አሥር ያህል ተመልከቱ። መካከለኛ ዕድሜ ያላቸው ሁለቱንም ግድግዳ በግልጽ ያሳያሉ። ቅርፊቱ ደርቆ ከሆነ አንድ ሁለት ጊዜ ውሃ እርጩና ጥቂት ቆይታችሁ ተመልከቱ።

የሚመስሉትን ማውጣት

ሰውን በብዛት የሚያሳስተው ፐርቱሳሪያ ፐርቱሳ የሚባል ሌላ ላይከን ነው። እሱም ነጣ ያለ ነው፣ እሱም ጉብታ አለው፣ እሱም ቢች ይወዳል። በዚያ ላይ እጅግ ብዙ ነው። ልዩነቱ ጉብታው አናት ላይ ነው። ፐርቱሳሪያ ሰፊ አፍ የለውም፤ በአንድ ጉብታ ላይ ብዙ ጊዜ ከአንድ በላይ ጥቃቅን ጥቁር ነጥቦች አሉት። ውስጠኛ ግድግዳ የሚባል ነገር የለም።

ዘመዱ ፐርቱሳሪያ ሃይሜኒያ ይበልጥ ያደናግራል፤ ጉብታው ይከፈታልና። ግን አፉ ቅርጽ አልባ ነው፣ ወለሉም ጥልቅ አይደለም፤ ፈዛዛ ሐምራዊ ወይም ብርቱካናማ ያዘለ ነው።

እዚህ ላይ አንድ ትንሽ ፈተና አለች። በጥፍራችሁ ጫፍ፣ ከልጥፉ ዳር፣ ከ2 ሚሊ ሜትር ያልበለጠ ቦታ ጫር አድርጉ። ፐርቱሳሪያ ከሆነ ከሥሩ ደማቅ አረንጓዴ ይወጣል። ባርናክል ከሆነ ወደ ብርቱካናማ ወይም ወደ ቢጫማ ያደላል። ምክንያቱ ውስጡ ያለው አልጌ ነው። የባርናክሉ ትሬንቴፖሊያ ይባላል፤ አረንጓዴ አልጌ ሆኖ ሳለ ብርቱካናማ ቀለም በገላው ያከማቻል። ይህ ፈተና ብቻውን አይበቃም፤ ጥቁር መስመር መስመር ፍሬ ያለው ግራፊስ የሚባል ላይከንም ያው አልጌ አለው። ግን ፐርቱሳሪያን ለማውጣት የሚያህለው የለም።

ከሩቅ ብቻ የሚመስሉም አሉ። ፊሊክቲስ አርጄና ዱቄታማ ነው፤ ፍሬውም እምብዛም አይታይም። ድሮ ፐርቱሳሪያ አማራ፣ አሁን ሌፕራ አማራ የሚባለው ደግሞ ነጭ የዱቄት ክምር ክምር አለው። የቆዩ ላይከን ፈላጊዎች ጣታቸውን አርሰው ዱቄቱን ነካ ያደርጉና ምላሳቸው ላይ ያስቀምጡታል። ኮሶ ነው። የሚቆይ ምሬት። ትንሽ ነገር ስለሆነ አይጎዳም ይላሉ፤ እናንተ ግን ሌላ መለያ እያለ ምን አስጨነቃችሁ።

በስኮትላንድና በአየርላንድ ምዕራብ ዳርቻ የቅርብ ዘመዶቹ የሆኑ ሌሎች ቴሎትሬማዎችም አሉ። እነሱን ለመለየት ስፖር በማይክሮስኮፕ ማየት ግድ ይሆናል። የእኛው ስፖር በብዙ ግድግዳዎች በቁመትም በአግድምም የተከፋፈለና ትልቅ ነው፤ ርዝመቱ ብዙውን ጊዜ ከ50 ማይክሮን (ማይክሮን የሚሊ ሜትር አንድ ሺኛ ነው) ያልፋል። ኒው ፎረስት ላይ ለሚጀምር ሰው ግን አጉሊ መነጽሩ ይበቃል።

የቀለም ፈተና

ላይከን የሚያጠኑ ሰዎች ገላው ላይ ኬሚካል ጠብ አድርገው ቀለሙ ሲለወጥ ይመለከታሉ። የባርናክል ላይከን ጠባይ እዚህ ላይ ያስቃል፤ ምንም አይልም። በረኪና ጠብ ብታደርጉ ዝም። ፖታሲየም ሃይድሮክሳይድ ዝም። ዝምታው ራሱ ግን መረጃ ነው። ፐርቱሳሪያ ሃይሜኒያ በበረኪና ብርቱካናማ ይሆናል። ፐርቱሳሪያ ፐርቱሳ በፖታሲየም ሃይድሮክሳይድ ቢጫ ይሆናል። ፊሊክቲስ መጀመሪያ ቢጫ፣ ቀጥሎ ደም የመሰለ ቀይ።

ጠብታው የመርፌ ጫፍ ያህል ይሁን። ዳር ላይ እንጂ መሃል ላይ አታድርጉ፤ የነካው ቦታ ይሞታልና። በመነጽር እያያችሁ ጠብ አድርጉ፤ አንዳንዱ ቀለም ብልጭ ብሎ ይጠፋል። ፍሬው ግልጽ ከሆነላችሁ ደግሞ ይህን ደረጃ ከነጭራሹ ዝለሉት። እኔ በበኩሌ ሁለቱ ግድግዳዎች ታይተው ሳለ በረኪና ማንጠባጠብ አይታየኝም።

አትቁረጡ፣ አትፋቁ

ኒው ፎረስት በሕግ የተጠበቀ ቦታ ነው። ናሙና ለመውሰድ ደኑን ከሚያስተዳድረው አካልና ናቹራል ኢንግላንድ ከሚባለው የመንግሥት የተፈጥሮ ጥበቃ መሥሪያ ቤት ፈቃድ ያስፈልጋል። ሕጉ ባይኖርም አይገባም። ልጥፍ ላይከን በዓመት የሚያድገው ከ1 ሚሊ ሜትር ብዙም አያልፍም። መዳፍ የሚያህል ባርናክል ላይከን በቢላ የሚነሳው በአንድ ደቂቃ ነው።

ልምምድ ከፈለጋችሁ ሰፈራችሁ ያለው ፓርክ ውስጥ ከነፋስ በኋላ የወደቀ ቀንበጥ አንሱ። ብርቅ ዝርያ አይኖርበትም፤ ግን ዐይን ይገራል። አገር ቤት ስትሄዱም እንዲሁ ሞክሩት። ባርናክል ላይከን የሚመደብበት የግራፊዳሴኤ ቤተሰብ ከሁሉ በላይ የሚበዛው በሞቃታማ አገሮች ነው። ባሌ ሐረና፣ ከፋ፣ ወይም ዙሪያው ተመንጥሮ የቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ግቢ ብቻ ደን ሆኖ በቀረበት የገጠር ደብር ለስላሳ ቅርፊት ያለው አሮጌ ዛፍ ካገኛችሁ መነጽሩን አውጡ። ቄሱን ግን መጀመሪያ አስፈቅዱ፤ ቅጥር ውስጥ ገብቶ ዛፍ የሚያሸት እንግዳ ያስጠረጥራል።

መመዝገብ

ያልተመዘገበ ግኝት እንዳልተገኘ ይቆጠራል። ሦስት ፎቶ አንሱ፤ ሙሉ ዛፉን፣ ልጥፉን ከማስመሪያ ጋር፣ ፍሬውን በቅርብ። ለመጨረሻው አጉሊ መነጽሩን የስልካችሁ ካሜራ ላይ ለጥፋችሁ ያዙት፤ ጥርት እስኪል ወደፊት ወደኋላ በሉ። አከታትላችሁ ብዙ አንሱ፤ ከብዙው አንዷ ትጠራለች።

ደብተራችሁ ላይ የዛፉን ዓይነት፣ የግንዱን ዙሪያ በደረት ቁመት፣ ላይከኑ ያለበትን አቅጣጫና ከመሬት ያለውን ከፍታ፣ ልጥፉ ምን ያህል ስፋት እንዳለውና ፍሬ መያዝ አለመያዙን ጻፉ። ቀኑን በፈረንጆች አቆጣጠር ጻፉት፤ መስከረም ያላችሁት ሴፕቴምበር ነው አይደለም የሚል ክርክር በኋላ አይነሳም። ቦታውን በብሪታኒያ ግሪድ ቁጥር፣ ማለትም ካርታ ላይ ቦታ በሚያመለክተው ቁጥር፣ አስቀምጡ። ባለ 6 አኃዙ 100 ሜትር በ100 ሜትር የሆነ ቦታ ነው የሚያሳየው፤ እዚያ ውስጥ ስንት ዛፍ አለ! ባለ 8ቱ 10 ሜትር ድረስ ያደርሳል። እሱን ተጠቀሙ።

መዝገቡን አይሪኮርድ በተባለው የዱር ተፈጥሮ ግኝቶች መመዝገቢያ ድረ ገጽ ላይ ማስገባት ትችላላችሁ። በ1958 የተቋቋመው የብሪታኒያ የላይከን ማኅበርም የራሱ የመረጃ ቋት አለው፤ ጀማሪ የሚያስተናግዱ የመስክ ጉዞዎችንም ያዘጋጃል። እርግጠኛ ካልሆናችሁ እርግጠኛ አይደለሁም ብላችሁ ከፎቶው ጋር ላኩ። ፈልጋችሁ ያጣችሁበትንም ዛፍ ደብተራችሁ ላይ አስፍሩት። አሽ ዛፍ ላይ ካገኛችሁት ደግሞ መመዝገቡ ይበልጥ ያስቸኩላል። በ2012 ብሪታኒያ ውስጥ መኖሩ የተረጋገጠው የአሽ በሽታ ዛፎቹን እየፈጀ ነው፤ ዛፉ ሲሄድ ላይከኑም አብሮ ይሄዳል።

ካገኛችሁት በኋላ

አንዱን ስታገኙ ከዚያ ደን ቶሎ አትውጡ። ፍራንሲስ ሮዝ በ1976 አንድ ደን ለምን ያህል ጊዜ ሳይቋረጥ እንደቆየ የሚለካ ዝርዝር አውጥቷል። 30 ዝርያዎች አሉበት፤ ባርናክል ላይከን አንዱ ነው። አንዱ ብቻውን ማስረጃ አይሆንም። እርጥበት በሚበዛበት ምዕራብ ወጣት ደን ውስጥም ይበቅላልና፣ ዝርዝሩ የሚሠራው በተለይ እንደ ኒው ፎረስት ባሉ ዝቅተኛ ቦታዎች ነው።

ስለዚህ ዐይናችሁን ወደ ሌሎቹ መልሱ። ቀላሉ ሎባሪያ ፑልሞናሪያ ነው፤ ትልቅ ቅጠል መሳይ፣ ሲረጥብ ደማቅ አረንጓዴ። ጥላ ያለበት ግንድ ላይ ጠቆር ያለ አረንጓዴ ቡናማ ሆኖ ጥቃቅን ነጥብ የሞላበትን ኤንቴሮግራፋ ክራሳን ፈልጉ። ዝናብ የማይነካውን የአሮጌ ኦክ ደረቅ ጎን ደግሞ ለክሬስፖኒያ ፕሬምኒያ ፈትሹት፤ ጥቁር ፍሬው ጠርዙ ላይ ቢጫማ አረንጓዴ ዱቄት አለው። ከዝርዝሩ ያገኛችኋቸውን ቁጠሩ፣ ለ20 አካፍሉ፣ በ100 አባዙ። ስምንት ካገኛችሁ ደኑ 40 አገኘ፤ ሃያ ካገኛችሁ 100።